እትዬ የውብዳር ያልፈረመችበት ወረቀት

እትዬ የውብዳርን ባለፈው ማክሰኞ ቀበርናት። ዘጠናን ተሻግራ ነው የሞተችው። ስለ ሞቷ አልከራከርም፤ ዕድሜዋን ጨርሳለች። የምከራከረው መቃብሯ አጠገብ ስለተነበበው ወረቀት ነው።

የወንድሟ የልጅ ልጅ፣ ሙሉ ልብስ የለበሰ፣ ድምፁ የሚያምር ጎልማሳ፣ የሕይወት ታሪኳን አነበበ። «ወይዘሮ የውብዳር ከማንም ጋር ሳይጣሉ፣ ድምፃቸው ከቤታቸው ውጭ ሳይሰማ፣ በትሕትናና በሰላም የኖሩ እናት ነበሩ» አለ። ለቀስተኛው ራሱን ነቀነቀ። እኔ መሬቱን በምርኩዜ መታሁት። የልጅ ልጄ ክንዴን ያዝ አድርጋ፣ «እማማ፣ ተይ፤ ቀብር ነው» አለችኝ።

«ቀብር መሆኑንማ አያለሁ። ማንን እንደሚቀብሩ ነው ያላወቁት» አልኋት።

ድምፃቸው ከቤት ውጭ ሳይሰማ! የየውብዳር ድምፅ ከደብረ ማርቆስ ፍርድ ቤት ግቢ ተነሥቶ ገበያው ድረስ ይሰማ ነበር። ከማንም ጋር ሳይጣሉ! ሻምበል የሚያህል ሰው በነጠላዋ ቋጥራ በቅዳሜ ገበያ መሀል የነዳች ሴት! ወህኒ መውረዷንማ ጭራሽ አላነሡትም፤ ለዘመድ ያሳፍራል ብለው ነው። ማፈር የነበረበት ሌላ ሰው ነው። እንግዲህ እኔ ሦስተኛ ክፍል ድረስ ብቻ የተማርሁ ሴት ነኝ፤ ቢሆንም የማውቀውን እጽፋለሁ።

በጃንሆይ ዘመን፣ እኔ አዲስ ተጋቢ ሳለሁ፣ ጎረቤቴ ነበረች። በአሥራ አምስት ዓመት ትበልጠኛለች። «አንቱ» ስላት ግን ትቆጣ ነበር። «አንቱ ስትይኝ ፍርድ ቤት የቆምሁ ይመስለኛል» ትለኛለች። ስለዚህ ዛሬም አንቱ አልላትም። አጭር ናት፤ ከሩቅ ስትመጣ ነጠላ ብቻ የሚራመድ ይመስላል። ባሏ ሞቶባታል፣ ልጅ የላትም፤ ጥጥ እየፈተለች ትኖራለች። ስትናገር ቀኝ እጇን ከነጠላዋ ታወጣና አራቱን ጣቶቿን ዘርግታ አውራ ጣቷን ወደ መዳፏ ታጥፈዋለች። መጀመሪያ ያየ ሰው ጣቷ የተቆረጠ ይመስለዋል። እኔም መስሎኝ ነበር፤ ኋላ ራሷ ነገረችኝ።

አባቷ በመርጡለ ማርያም በኩል ስለነበራቸው ርስት ዕድሜውን ሙሉ የተሟገተ ሰው ነበር። እሷ ስንቁን ተሸክማ ትከተለዋለች፤ እሱ ዳኛ ፊት ሲከራከር እሷ ከዛፍ ሥር ተቀምጣ ትሰማለች። ሕጉ ሁሉ በጆሮዋ ገባ። ፊደል ግን አልቆጠረችም። ባሏ ሲሞት የባሏ ወንድም አንድ ወረቀት ይዞ መጣ። «ከባልሽ ርስት ድርሻሽን መቀበልሽን የሚገልጽ ነው» አላት። ጣቷን ቀለም ውስጥ ነክራ አሳረፈች። ወረቀቱ ግን ድርሻዋን በፈቃዷ ለእሱ መልቀቋን የሚናገር ነበር። ከሰሰችው። ዳኛው ወረቀቱን አሳዩዋት።

«ይህ ጣትሽ ነው?»

«ጣቴ ነው።»

«እንግዲያው ቃልሽ ነው።»

ነገሩ በዚሁ አለቀ። «አፌ ያላለውን ጣቴ ተናገረብኝ» ትል ነበር። ከዚያ ወዲህ ነው ያንን ጣት የምታጥፈው። ለእኛም ትመክረን ነበር፦ «የሚያነብልሽ ካጣሽ ጣትሽን መቀነትሽ ውስጥ ደብቂው!»

ክራችንን የምንሸጠው ገበያው ዳር ላለ አንድ የክርና የጨርቅ ነጋዴ ነበር። ሚስቱ ዘይነባ ስምንተኛ ክፍል የደረሰች፣ ሳቂታ ሴት ናት። አንድ ቀን የውብዳር ክሯን ስታስመዝን፣ «ዘይነባ፣ ስምንት ዓመት የተማርሽው ክር ልትመዝኝበት ነው?» አለቻት።

«ታዲያ ምን ላድርገው ብለሽ ነው?»

«አስተምሪና!»

ክለባችን በዚህ ተጀመረ። የዘይነባ ባል ከሱቁ ጀርባ ያለውን መጋዘን ለቀቀልን። አሥራ አንድ ሴቶች ነበርን፤ ግማሾቻችን ክርስቲያን፣ ግማሾቻችን እስላም። ሥራ ፈትተን መቀመጥ ስለማይሆንልን እንዝርታችንን ይዘን እንሄዳለን። ዓይናችን ሰሌዳው ላይ፣ እጃችን ፈትሉ ላይ። ዘይነባ ከባድ ፊደል ስታሳየን የአንዷ ክር ይበጠሳል፤ ክሯ የተበጠሰባት ሁሉ ፊደሉ እንደጠፋባት ይታወቅባታል። ባሏ ክሩን ሲቀበለን፣ «የዚህ ሳምንት ክር ቋጠሮ በዝቶበታል፤ ደግሞ የትኛው ፊደል ላይ ደረሳችሁ?» እያለ ይስቅብን ነበር። ከሁላችን ክር አብዝቶ የሚበጠሰው የየውብዳር ነበር። ክለቡን ያቋቋመችው እሷ፣ ፊደሉ እንቢ ያላትም እሷ። እኔ ቀድሞ ትንሽ ስለተማርሁ ከዘይነባ ቀጥዬ አንባቢ ሆንሁ።

ያለ ፈቃድ አንቀመጥም ያለችም እሷ ናት። «ያለ ወረቀት የተሠራ ነገር በወረቀት ይፈርሳል» ብላ አራት ወር ሙሉ አውራጃው ጽሕፈት ቤት ተመላልሳ «የሴቶች የፈትልና የንባብ ክበብ» የሚል፣ ማኅተም ያለበት ፈቃድ አወጣች። ያን ወረቀት እንደ ክታብ በአንገቷ አንጠልጥላው ትዞር ነበር።

ማንበብ የቻልነው ቅዳሜ ቅዳሜ ፍርድ ቤቱ አጥር ሥር መቀመጥ ጀመርን። ባላገሩ ጣቱን ሊያሳርፍ ወረቀት ይዞ ሲመጣ የውብዳር፣ «ወንድሜ፣ ከማሳረፍህ በፊት ስማ!» ብላ ትጠራዋለች፤ እኛ እናነብለታለን። የመጀመሪያው ሽማግሌ ወረቀቱ ምን እንደሚል ሲሰማ እጁን እሳት እንደነካው ሰው ሰበሰበ። ከዚያ ሌሎችም መጡ። በከተማው ባልተነበበ ወረቀት ባላገሩን እየበላ የሚኖር ሰው ብዙ ነበርና ወሬው ሄዶ ሄዶ ፖሊስ ጣቢያ ደረሰ። ጊዜውም ገጠሩ በግብር ነገር ያኮረፈበት፣ ሹማምንቱ ሦስት ሰው አብሮ ሲቆም የሚደነግጡበት ጊዜ ነበር።

አንድ ሐሙስ ከሰዓት በኋላ የፖሊስ አዛዡ ሻምበል አራት ፖሊሶች አስከትሎ መጋዘኑ ገባ። ረዥም፣ ካፖርቱን በቀበቶ ያጠበቀ ሰው ነበር።

«ይህ ምን ስብሰባ ነው?»

«ፈትልና ንባብ ነው» አለችው ዘይነባ።

«ለንባብ ማን ፈቀደላችሁ?»

የውብዳር ፈቃዱን ከአንገቷ አውጥታ ሰጠችው። እያየ፣ «ይህ ለፈትል ነው» አለ።

ወደ እኔ ዞረች። «ነይ እስቲ፣ አንብቢላቸው። ሻምበል ዓይናቸውን ሳያማቸው አልቀረም።»

ተነሣሁ። «የሴ-ቶች፣ የፈ-ት-ል-ና፣ የን-ባብ…» አልሁ። አንዱ ፖሊስ አፉን በእጁ ሸፈነ። ሻምበሉ «ዝም በይ!» ብሎ ጮኸ። እኔ ግን አንድ ጊዜ ከጀመርሁ ማቆም አላውቅበትም፤ እስከ ማኅተሙ ድረስ አነበብሁለት። በሰው ፊት ያነበብሁት የመጀመሪያው ነገር እሱ ነው።

ምን ዋጋ አለው? ሰሌዳውን ወሰዱ። መጻሕፍቱን ወሰዱ። እንዝርቶቻችንን እንኳ ሳይቀር በቅርጫት ሰብስበው ወሰዱ፤ የእኔው የእናቴ ነበር። በሩ ላይ የራሳቸውን ቁልፍ አንጠለጠሉ። እንዝርት ምን ያደርግላቸዋል? ዘይነባ፣ «ተዉት፣ ሌላ እንገዛለን» ስትል የውብዳር ተቆጣች። «በፍርድ ከሄደች በቅሎዬ ያለ ፍርድ የሄደች ጭብጦዬ ሲባል አልሰማሽም?» አለቻትና በማግሥቱ ከሰሰች።

ዳኛው መነጽራም ሽማግሌ ነበሩ። እውነቱን ልናገር፤ መጀመሪያ በደንብ ፈረዱ። ክበቡ ሕጋዊ ነው፣ ፖሊስ ቤቱን ይክፈት፣ ዕቃውን ይመልስ ብለው ጻፉ። ትዕዛዙን ይዘን ጣቢያ ሄድን፤ እኔ አንባቢ ሆኜ ተከተልሁ። ሻምበሉ ሻይ ይጠጣ ነበር። አነበብሁለት። ወረቀቱን ተቀብሎ ጠረጴዛው ላይ ዘረጋውና የሻይ ብርጭቆውን አስቀመጠበት።

«ትዕዛዝ የምቀበለው ከአለቃዬ ነው፤ ከፈታይ አይደለም።»

«ትዕዛዙ የዳኛ ነው ጌታዬ» አለችው።

«እንግዲያው ዳኛው ይምጡና ይክፈቱት።»

ወረቀታችንን ስናነሣ ማኅተሙ ላይ የብርጭቆው ቂጥ ክብ ሠርቶበት ነበር። ዳኛው አዩት። ሻምበሉ ይቅረብ አሉ፤ ቀረ። እንደገና ይቅረብ አሉ፤ ሥራ ላይ ነው ተባለ። ሦስተኛ ጊዜ አስጠሩት፤ መልስ እንኳ አልላከም። ዳኛው ሌላ ቀጠሮ ሊሰጡ ብዕራቸውን ሲያነሡ የውብዳር ተነሣች።

«ጌታዬ፣ ድሀ ከቀጠሮ ሲቀር ፖሊስ ይዞ ያቀርበዋል። ፖሊስ ሲቀርስ ማን ይዞ ያቀርበዋል?»

ዳኛው መሰላቸት ይሁን ማፈር አላውቅም፣ መነጽራቸውን እየጠረጉ፣ «እንግዲህ ባለ ጉዳይዋ አንቺ ነሽ፤ አንቺው አቅርቢያ!» አሉ።

ከአፋቸው ወጣ። ሌላ ሰው ቢሆን ቁጣ መሆኑ ይገባው ነበር። እሷ ግን ፍርድ ቤት ያደገች ልጅ ናት፤ ዳኛ ከወንበሩ ላይ ሆኖ የተናገረው ሁሉ ለእሷ ትዕዛዝ ነው። እጅ ነሥታ ወጣች።

ቅዳሜ ረፋድ ላይ ሻምበሉ ገበያ ውስጥ ሁለት ፖሊስ አስከትሎ ሲንጎራደድ አገኘችው፤ እኔም ከኋላዋ ነበርሁ። በእህል ተራው መሀል ገባችና ድምፅዋን ለቀቀችው።

«በሕግ አምላክ! በጃንሆይ አምላክ! ሻምበል፣ ቁም!»

ለዛሬ ልጆች ላስረዳ። በዚያ ዘመን በሕግ አምላክ የተባለ ሰው አይራመድም። ሌባ እንኳ እየሮጠ ሳለ ይቆማል። በጥንቱ ደንብ ደግሞ ከሳሽና ተከሳሽ በነጠላቸው ጫፍ ተቋጥረው ነው ዳኛ ፊት የሚሄዱት። ሻምበሉም የገበሬ ልጅ ነው፤ ይህን ሰምቶ ነው ያደገው። ለመራመድ እግሩን አነሣ። ከዚያም መልሶ አስቀመጠው። ጭንቅላቱ ሻምበልነቱን ሳያስታውሰው እግሩ ሕጉን ሰማ። እሷ ያን ያህል ጊዜ ብቻ ነበር የምትፈልገው፤ የነጠላዋን ጫፍ በካፖርቱ ቀበቶ አሳልፋ ጠበቅ አድርጋ ቋጠረችው።

«ፍቺኝ አንቺ ሴትዮ!»

«ዳኛ ይፍታዎ።»

ፖሊሶቹ አንዱ አንዱን ያያል። ባላገሩ ከጤፉና ከቅቤው እየተነሣ ከበበን። «ሕግ ነው! ሕግ ነው!» ይላል ሰዉ። ሻምበሉ ነጠላውን በጥሶ ይሂድ? በዚያ ሁሉ ሰው ፊት ሕግ አፈረሰ ሊባል ነው። ስለዚህ ሄደ። እሱ ረዥም፣ እሷ አጭር፣ ነጠላው መሀል ላይ ተወጥሮ። አንዲት ቅቤ ሻጭ፣ «ሻምበል፣ ቀስ ይበሉ እንጂ፤ ሙሽሪቱ ጫማ የላትም!» ብላ ጮኸች። ገበያው በሳቅ ፈነዳ። እኔም እንባዬ እስኪፈስ ሳቅሁ። በዕድሜዬ ከሳቅሁት ሳቅ ሁሉ የሚቆጨኝ እሱ ነው።

ምክንያቱም ሳቃችን ተከትሎን ችሎት ገባ። ዳኛው ቀና ሲሉ ያዩት ቀበቶው ላይ ነጠላ የተቋጠረበት የመንግሥት መኮንንና በሩን ሞልቶ የሚስቅ ገበያ ነው።

«ምንድን ነው ይህ?»

«አቅርቢ ባሉኝ መሠረት አቅርቤያለሁ ጌታዬ።»

እንደገና ተሳቀ። የዳኛው ፊት ሲለወጥ አየሁት። ሦስት ጊዜ ሲናቁ ዝም ያሉ ሰው ናቸው፤ ያ ንቀት በወረቀት ላይ ስለነበር አላመማቸውም። ሳቁ ግን አመማቸው። ፖሊስ ነጠላውን እንዲፈታ አዘዙና፣ ከሳሽ የመንግሥትን ሹም አዋርዳ ችሎት ስለደፈረች አንድ ወር ትታሰር አሉ። ሻምበሉን ደግሞ በአንቱታ፣ «ወደ ሥራዎ ይመለሱ» አሉት። ስለ ሦስቱ መጥሪያ የተናገረ የለም። ስለ ብርጭቆው የተናገረ የለም።

«ጌታዬ፣ የሳቅነው እኛ ነን!» ብዬ ጮኽሁ። ዘበኛው አፌን ያዘኝ።

እሷ አልጮኸችም። አራት ጣቷን ዘርግታ፣ «ጌታዬ፣ ሦስት ጊዜ ጠርተውት የቀረውን ሰው ያመጣሁልዎ እኔ ነኝ። ችሎት የተደፈረው እሱ ሲቀር ነው ወይስ እኔ ሳመጣው?» አለች።

ዳኛው የሚቀጥለውን መዝገብ ገለጡ። ይኸው ከሃምሳ ዓመት በላይ ሆነው፤ እኔም የሚመልስልኝ አላገኘሁም።

ለእስረኛ ምሳ ማምጣትን የሚከለክል ሕግ አልነበረም። አሥር ሴቶች ተራ ገባን። ዘይነባ በምሳ ዕቃው ክዳን ውስጠኛ ፊት ላይ በከሰል ፊደል እየጻፈች ትልካለች፤ ዘበኛው ጥላሸት መስሎት ያሳልፈዋል። የውብዳር እየበላች ታጠናለች፤ በማግሥቱ ታጥቦ የተመለሰው ክዳን ላይ የራሷን ጽፋ ትልካለች። መጀመሪያ አንድ ፊደል፣ ኋላ ቃል፣ ኋላ «ጨው በዛ» የሚል። ዘይነባ «ጨው በዛ»ን ስታነብ እንዴት እንዳለቀሰች!

ወሩ ሞላና ልንቀበላት ሄድን። ከወህኒው በር ውጭ ቆመን በፍርግርጉ እናያለን። የወህኒው አለቃ ወረቀትና የቀለም ሳጥን አቀረበላት።

«ጣትሽን አሳርፊና ሂጂ።»

አውራ ጣቷን አጠፈች። «ላንብበው።»

ዘበኞቹ ሳቁ። እሷ ወረቀቱን ወደ ብርሃን አዙራ ጀመረች። ረዥም ጊዜ ፈጀባት። «ጥፋ-ቴን፣ አም-ኜ፣ ተጸ-ጽቼ፣ ዳግ-መኛ፣ በክ-በብ፣ ስም፣ ላል-ሰበ-ሰብ…» እዚያ ላይ ስትደርስ ወረቀቱን አስቀመጠችው።

«ይህን አላልሁም።»

«ሁሉም የሚፈርምበት ነው እኮ» አላት አለቃው።

«ሁሉም አላነበበውማ!»

«ካልፈረምሽ አትወጪም።»

እኔ ከውጭ ሆኜ አላስቻለኝም። «እትዬ፣ ፈርሚና ውጪ! ወረቀት እኮ ነው!» አልኋት።

ዞራ አየችኝ። «ወረቀት ነው አልሽ?» አለችኝ። ያን ቀን ያየችኝ አስተያየት እስከ ዛሬ ድረስ ከፊቴ አልጠፋም። ከዚያ ወደ አለቃው ዞራ፣ «ምሳዬን ነገም ያምጡልኝ» አለችና በገዛ እግሯ ተመልሳ ወደ ውስጥ ገባች።

አራት ቀን ተጨማሪ ታሰረች። በአምስተኛው ቀን ሌላ ወረቀት ጻፉላት፤ ቅጣቷን ጨርሳ ወጣች የሚል፣ ከዚያ ያላለፈ። ቃል በቃል አነበበችው። ብዕር አስመጣችና በራሷ እጅ የውብዳር ብላ ጻፈች። ፊደሎቹ ነፋስ እንደመታው ገብስ ወደ አንድ ጎን ተኝተዋል። ስትወጣ እልል ብንል ዘበኛው ሊከለክለን ሞከረ። «ለእልልታም ፈቃድ ይወጣለታል?» አለችው።

የመጋዘኑ ቁልፍ ሻምበሉ ወደ ሌላ አውራጃ እስኪዛወር ድረስ አልተከፈተም። እኛ ግን እሷ ግቢ፣ በር በሌለበት፣ አጥሩ ሥር ተሰብስበን ፈተልን፣ አነበብን። ቅዳሜም ወደ ፍርድ ቤቱ አጥር ተመለስን፤ ከዚያ ወዲያ ባላገሩን ጠርታ የምታነብለት ራሷ ነበረች። የእናቴን እንዝርት የመለሰልኝ የለም። ያቺ ብርጭቆ የተቀመጠባት ትዕዛዝ ግን እኔ ዘንድ አለች፤ ዓይኗ ሲደክም፣ «አንቺ ጋ ትቀመጥ፤ አንቺ ማቆም አታውቂም» ብላ ሰጥታኛለች።

ከቀብሩ በኋላ ያን ሙሉ ልብስ የለበሰውን ልጅ ጠርቼ ይህን ሁሉ ነገርሁት። በትሕትና አዳመጠኝ። «እማማ፣ እውነት ሊሆን ይችላል። ግን ታትሟል፤ በአርባዋም የሚነበበው እሱ ነው። ደግሞ የሕይወት ታሪክ እኮ ሁሉም እንዲህ ነው የሚጻፈው» አለኝ።

ሁሉም! እሷ ብትሰማው ምን እንደምትል አወቅሁት።

ነገ ጠዋት ከዘመዶቿ ቤት በር ላይ ሄጄ እቀመጣለሁ። እንዝርቴንና ጥጤን አዘጋጅቻለሁ። ወረቀቱ እስኪታረም ድረስ አልነሣም፤ ምሳዬን የልጅ ልጄ ታመጣልኛለች።